ሆዲ ሳይባል የተጠበሰ ካምባ

እዚህ ባሕር ዳሯ ኪፒኒ ውስጥ ካምባ ሲባል መጀመሪያ ትዝ የሚለን ምግብ አይደለም፤ ሽማግሌው፣ ምዜ ፋማው ናቸው። ነገሩ እንዲህ ነው፦ እኛ ጋ ገመዱም ካምባ ነው፣ ሽሪምፑም ካምባ ነው። ለሁለቱም ያለን ስም አንድ ነው፣ በቃ። እንግዳ ሰው ግራ ይገባዋል፤ እኛ ግን የሚያወራው ማን እንደሆነ አይተን እናውቀዋለን። አሣ ሻጭ ካምባ ካለች ሽሪምፕ ነው። ምዜ ፋማው ካምባ ካሉ ግን ገመድ ነው፣ ምን ጥያቄ አለው! ዕድሜያቸውን ሙሉ የኮኮናት ቃጫ ጭናቸው ላይ እየፈተሉ የጀልባ ገመድ ሲገምዱ የኖሩ ሰውዬ ናቸው። እጃቸውን ብትነኩት የዛፍ ቅርፊት የነካችሁ ነው የሚመስላችሁ። ይቺን የካምባ ነገር ያዙልኝ፣ በኋላ ትፈለጋለች።

ሚስታቸው ቢ ሸምሳ ያረፉት ከትልቁ ዝናብ በፊት ነው። ለቅሶው ጊዜ ቤቱ ሰው በሰው ሆኖ ነበር፤ ምንጣፉ አልበቃ ብሎ ጎረቤት ደጅ ድረስ ተቀምጠናል። ከዚያ ሰዉ ቀስ በቀስ ቀረ። ሰው ጠላቸው እንዳትሉ ብቻ! ማን ይጠላቸዋል? እንደውም አፍረዋቸው ነው። ጀልባ ያለው ሁሉ ወደ ናይሎን ገመድ ዞሯል፤ ናይሎን አይበሰብስም፣ ቀላል ነው፣ ከሱቅ ነው የሚመጣው። ታዲያ በምዜ ፋማው በር ሲያልፉ ሰውዬው የድንጋይ መደባቸው ላይ ቁጭ ብለው ቃጫ ሲፈትሉ ይታያሉ፣ አጠገባቸው የተጠቀለለ ገመድ ተከምሯል። ምን ትላቸዋለህ? "ሰላም ነው?" ብለህ ስታልፍ ዓይናቸው ገመዱን፣ ያንተም ዓይን ገመዱን ያያል። ስለዚህ ሰው በመስጊዱ ኋላ መዞር ለመደ። ከሁሉ በፊት መዞር የጀመሩት ደግሞ የልብ ጓደኛቸው፣ የጀልባ አለቃው ቧናሄሪ ናቸው። ድሮ የቧናሄሪ ጀልባ ከሸራው እስከ መልሕቁ የታሠረው በፋማው ገመድ ነበር።

ልጃቸው ናስራ ሞምባሳ ነው የምትኖረው። በየጁምዓው ማታ ትደውላለች። ያለፈው ጁምዓ ጠበቅ አድርጋ ያዘቻቸው።

"ባባ፣ እዚያ ብቻህን ምን ታደርጋለህ? ና እኔ ጋ።"

"ብቻዬን ማን አለሽ? ሰው አለኝ።"

"ማን አለህ? አንድ ሰው ጥራልኝ። አብሮህ የሚበላ።"

ምዜ አፋቸው ላይ የመጣውን ስም ተናገሩ። "ቧናሄሪ።"

"ቧናሄሪ እየመጣ ይበላል?"

"ይበላል እንጂ።"

"እሺ፣ የፊታችን ጁምዓ ስደውል ምን እንደበላችሁ ትነግረኛለህ። ካልሆነ ግን መጥቼ እወስድሃለሁ። አልቀልድም፣ ባባ።"

ስልኩ ከተዘጋ በኋላ ምዜ ፋማው ተቀመጡ። ውሸት የሚሆንላቸው ሰው አይደሉም። ሞምባሳ ሄደው ልጃቸው ጋ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ምን ሊገምዱ ነው? የቢ ሸምሳ መቃብርስ? አይ፣ መፍትሔው አንድ ነው፤ ጁምዓ ሳያልፍ ቧናሄሪ በርግጥ መጥቶ መብላት አለበት። ቧናሄሪን ደግሞ በምን ታመጣዋለህ ቢባል፣ አገሩ ሁሉ ያውቃል፦ ቢ ሸምሳ በሚጠብሱት ሽሪምፕ። ቀጭ ቀጭ የሚል፣ ከሁመር ማጥቀሻ ጋር። ሰውዬው ለዚያ ሲሉ ከባሕር ሳይታጠቡ ይመጡ ነበር።

ጁምዓ ዕለት ከሶላት መልስ ምዜ ወደ አሣ ተራ ወረዱ። አሣ ሻጯ ሙኒራ ከሩቅ አየቻቸው። ምላሷ ዝም የማይል ሴት ናት።

"ምዜ! ዛሬ ከየት ፀሐይ ወጣች? ምን ልስጥዎት?"

"ካምባ።"

"ኧረ በአላህ! ከርስዎ ቤት ጠፍቶ ከኔ? የትኛውን ነው፣ የሚያሥረውን ወይስ የሚበላውን?"

"የሚበላውን። አትቀልጂ፣ አንቺ ልጅ።"

"ጆሮዬ ነው? ማን ሊጠብሰው ነው?"

ምዜ የሽሪምፑን ክምር እያዩ፣ "እኔ" አሉ።

ሙኒራ ሳቋን ዋጠችው። ሚዛን ላይ የነበረውን ጠቀለለችና ከላዩ አንድ እፍኝ ጨመረችበት። "ምዜ፣ ስሙኝ። ከታጠበ በኋላ በደንብ ያድርቁት። በጨርቅ ጭምቅ፣ ጥርግ አርገው። እርጥብ ከሆነ ዱቄቱ አይይዝም።"

"አውቃለሁ" አሉ ምዜ። አያውቁም። ወንድ ልጅ ሽማግሌ ሲሆን ደግሞ አላውቅም ማለት አይወድም፣ እንግዲህ ምን ታደርገዋለህ።

ሲመለሱ ሃሪዝ የሚባለው ባለሞተር በበራቸው ሲያልፍ አገኙት። ሞተሩ ጆሮ ይበጥሳል።

"ሃሪዝ! ወደ ጀልባዎቹ ነህ?"

"አዎ ምዜ! ቶሎ በሉኝ፣ ሰው ይጠብቀኛል!"

"ቧናሄሪን፣ ፋማው ካምባ አዘጋጅቷል፣ ዛሬውኑ ቶሎ ና ብሎሃል በለው!"

"ካምባ ተዘጋጅቷል፣ ቶሎ ና! ደረሰ በሉት!" ብሎ አቧራውን አልብሷቸው ሄደ።

እንግዲህ ምዜ ሥራ ጀመሩ። ከቤቱ ኋላ ከሰሉን አቀጣጠሉ፣ ድስቱን አወጡ። ሽሪምፑን አንድ በአንድ መላጥ ያዙ። ራሱ ላይ ያለው እሾህ ጣታቸውን ወግቶ ደም እስኪያዩ ድረስ አልተሰማቸውም፤ እጃቸው ቅርፊት ነው ብያችኋለሁ። ጭራውን አልነቀሉትም። ቢ ሸምሳ "ጭራው እጀታው ነው" ይሉ እንደነበር ያስታውሳሉ። ጀርባው ላይ ያለችውን ጥቁር ክር ገመድ በሚቀጥሉበት ትልቅ መርፌ እየሳቡ አወጡ፤ ይሄ እንኳን ከማንም በላይ ሆነላቸው፣ ክር መሳብ ሥራቸው ነው። ሆዱን ደግሞ ሲጠበስ እንዳይጠቀለል በቢላ ጫፍ ጫር ጫር አረጉት። ጨው፣ ሎሚ፣ የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርት፣ ትንሽ እርድ፣ ትንሽ ሚጥሚጣ። እስኪገባበት ተዉት።

ከዚያ ሁመሩን ሞቅ ባለ ውሃ ዘፈዘፉ፣ በእጃቸው አሹት፣ ፍሬውን በወንፊት አስቀሩ። ነጭ ሽንኩርትና ቃሪያ ወቅጠው ጨመሩበት፣ ጨው፣ ስኳር። እሳት ላይ ወፈር እስኪል አማሰሉት። ቀመሱ። ጎመዘዘ። ስኳር ጨመሩ። ቀመሱ። አሁንም የሷ አይደለም። ቢ ሸምሳ ስኳሩን በእጃቸው ነበር የሚለኩት፣ ያች እጅ ደግሞ የለችም። ምዜ "ይበቃል" ብለው አወረዱት።

አሁን ስሕተቷን ስሙ። ገመድ ሠሪ ብቻ ነው እንዲህ የሚሳሳተው። ቃጫ ሲደርቅ አይገመድም፤ ይበጠሳል፣ እጅ አይይዘውም። ስለዚህ ገመድ ሠሪ እየፈተለ በየመሐሉ ውሃ ጣል ጣል ያደርጋል። እጃቸው የለመደው ይሄንን ነው። ሽሪምፑን ዱቄት ውስጥ ከማስገባታቸው በፊት እጃቸው በራሱ ጊዜ ውሃ ውስጥ ገባና እርፍ! ርጭት፣ ርጭት አደረገው። የሙኒራ ምክር የት እንደገባ አላህ ይወቅ። ዱቄቱ ጭቃ ሆነ። ዘይት ውስጥ ሲጥሉት ዘይቱ ተቆጣ፣ ክንዳቸው ላይ ተፈናጠረ። የዱቄት ልብሱ ተገፎ ለብቻው ይንሳፈፋል፣ ሽሪምፑ ራቁቱን ወደ ታች ይወርዳል። የመጀመሪያው ዙር ለድመቷ ሆነ። ድመቷም አሽትታ አሽትታ ነው የበላችው።

"አድርቁት ብላኝ ነበር እኮ!" አሉ ለራሳቸው።

ጨርቅ ፈለጉ። በሩ ኋላ ምስማር ላይ የቢ ሸምሳ ካንጋ፣ ወገባቸው ላይ የሚያገለድሙት ጨርቅ፣ ተሰቅሏል፤ ያ ባለ ቢጫ አበባው፣ ለመጨረሻ ጊዜ ምግብ ሠርተው ሲጨርሱ እንደሰቀሉት ያለ። እጃቸውን ዘረጉና መለሱ። ገብተው የራሳቸውን ንጹሕ ሽርጥ አመጡና በሱ አደረቁት፤ አንዱን ካንዱ እየለዩ፣ ከላይ ከታች፣ ጠብታ ሳይቀር። ከዚያ ስንዴ ዱቄት፣ ከዚያ እንቁላል፣ ከዚያ የሩዝ ዱቄት። ጥቂት አሳረፉት፣ ልብሱ እንዲይዝ። የእንጨት ማንኪያውን እጀታ ዘይቱ ውስጥ ነከሩት፣ ዙሪያውን ተንተክትኮ አረፋ ሠራ። ደርሷል ማለት ነው። ጥቂት ጥቂት እያደረጉ ጣሉት፤ ብዙ ከሆነ ዘይቱ ይቀዘቅዛል።

እና ሆነ! ዘይቱ ቆርቆሮ ላይ እንደሚወርድ ዝናብ ድምፅ አወጣ። ሽሪምፑ ቀጥ እንዳለ፣ ወርቅ መስሎ ወጣ። አንዱን ነከሱት። ቀጭ! ምዜ ፋማው ብቻቸውን ሳቁ። "አየሽ?" አሉ ወደ በሩ ኋላ ዞረው። "አየሽ፣ ሸምሳ?"

ለሁለት ሰው ይበቃል ያሉትን ጠበሱ፤ አንድ እፍኝ ያህል ዱቄት ሳያለብሱ ለነገ አስቀሩ። ምንጣፍ አነጠፉ፣ ማጥቀሻውን መሐል አረጉ፣ ሁለት ብርጭቆ ውሃ ቀዱ። እንዳይቀዘቅዝ ደግሞ ሽሪምፑን በሌላ ሳህን ከደኑት። ልብ በሉ፣ ከደኑት! ሩዝ ይመስል። ትኩስ ጥብስ ተከድኖ በራሱ እንፋሎት ምን እንደሚሆን ማንም አልነገራቸውም።

መጠበቅ ጀመሩ። የአሱር ሶላት አለፈ። መንገድ ላይ ጫማ ሲሰማ አንገታቸውን ያወጣሉ፤ ሌላ ሰው ነው። ሰውዬው "ሰላም ምዜ" ይላል፣ ዓይኑ ገመዱ ላይ ያርፋል፣ እርምጃውን ያፈጥናል። "ካሪቡ፣ ግባ" ይሉታል። "አይ ምዜ፣ አሁን እንኳን አያስፈልገኝም፣ ሌላ ጊዜ!" ይላል። ምኑ ነው የማያስፈልገው? ምዜ አልገባቸውም። ክዳኑን ትንሽ ገልጠው አዩ፣ መልሰው ከደኑ። ጥላው ከመደቡ ወርዶ መንገዱን ተሻገረ። ማታ ናስራ ትደውላለች። ምን ሊሏት ነው?

ፀሐይ ጠልቃ መግሪብ ሊጠራ ሲል ነው ከደጅ፣ "ሆዲ!" የተባለው፤ እንግዳ ሳይገባ "ቤቶች!" እንደሚለው።

"ካሪቡ! ካሪቡ!" ምዜ ጉልበታቸው እስኪንቋቋ ብድግ አሉ።

ቧናሄሪ ናቸው። ግን አልገቡም። መደቡ ጋ ቆመው ጉሮሯቸውን ይጠርጋሉ፣ ኮፊያቸውን ያወልቃሉ፣ ያደርጋሉ።

"መልእክትህ ደርሶኛል፣ ፋማው። ዘገየሁብህ።"

"ምንም አይደል፣ ግባ።"

"አልገባም፣ ቤት እራት ቀርቧል። ያው... የፍየሏ ማሠሪያ ተበጥሶብኛል። አምስት ክንድ ያህል ይበቃኛል።"

"የምኑ አምስት ክንድ?"

"የካምባው ነዋ!"

ምዜ ፋማው የቧናሄሪን ፊት አዩ። ቀስ እያለ ገባቸው፤ የዚያ ሁሉ መንገደኛ "አያስፈልገኝም" ሳይቀር። "ካምባው ቀዝቅዟል፣ ቧናሄሪ" አሉ ዝቅ ባለ ድምፅ።

"ገመድ ደሞ ምን ይቀዘቅዛል? አመመህ እንዴ፣ አንተ ሰውዬ?"

ምዜ ገብተው ሳህኑን ይዘው ወጡ፣ ክዳኑን አነሱት። ቧናሄሪ አዩት። አፋቸው ተከፍቶ ቀረ። ከዚያ ሳቅ! እዚያው መደቡ ላይ ዘጭ ብለው ተቀመጡ፣ እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ።

"ያ ሃሪዝ! ያ ሞተራም! ካምባ አዘጋጅቷል፣ ናና ውሰድ ብሎሃል ነው ያለኝ! ጀልባዎቹ ጋ ላለው ሁሉ ነው የለፈፈው! እኔማ ከቀን ጀምሮ ቤት ውስጥ ስሽከረከር ነው የዋልኩት። ናይሎን አለኝ ልልህ ነው? ምን ዓይን አለኝ? ሚስቴ፣ ፍየሏን ምክንያት አርግ አለችኝ።"

"ማሠሪያዋ መበጠሱ እውነት ነው?"

ቧናሄሪ ወደ መሬት አዩ። "በቢላ ቆረጥኩት።"

አሁን ሁለቱም ሳቁ። ሳቁ ሲያልቅ ቧናሄሪ አንዱን ሽሪምፕ በጭራው ይዘው አነሱት። ሽሪምፑ ልፍስፍስ ብሎ ጎንበስ አለ። ማጥቀሻው ውስጥ ነክረው ጎረሱት፣ ሲያኝኩት ምንም ድምፅ የለም።

"እንዴት ነው?" አሉ ምዜ።

"እውነቱን ልንገርህ? የታጠበ ካልሲ።"

"ከዘይት ሲወጣ እንዲህ አልነበረም! ወላሂ፣ ቀጭ ነበር የሚለው!"

"አምንሃለሁ። ሁመሩ ግን ጥሩ ነው። ጎምዝዟል፣ ግን ጥሩ ነው።" ጣታቸውን ላሱ። "የጠበስከው ግን ቀድመህ ነው። ሸምሳ እኮ እንግዳው ሆዲ ሳይል ዘይት ውስጥ አንድ አትጥልም ነበር። አሰናድታ፣ ዘይቱን አግላ ትጠብቃለች። ሆዲ ስንል ትጥላለች፣ እግራችንን ታጥበን እስክንቀመጥ ይደርሳል። አታውቅም ነበር እንዴ?"

ምዜ አሁን ገባቸው። ለካ ለዚህ ነው! ዕድሜ ልካቸውን፣ ካምባ በሚጠበስበት ቀን ቢ ሸምሳ የገዛ ቤታቸውን ሆዲ ያስብሏቸው ነበር። "የራሴን ቤት?" ይሉ ነበር እሳቸው፣ እየተነጫነጩ። "ሆዲ ካላልክ አትገባትም" ይሉ ነበር ቢ ሸምሳ ከውስጥ፣ እየሳቁ። ምዜ ቀልድ ነበር የሚመስላቸው። አንዳንዴ ተናደው ሳይሉ ይገቡ ነበር።

"ልትገባ ነው?" አሉ በመጨረሻ። "ጥቂት ሳይጠበስ የቀረ አለኝ።"

"ዛሬስ ልሂድ፣ ሴትየዋ ትቆጣለች። ሌላ ቀን።"

"መቼ?"

"ኢንሻአላህ" አሉ ቧናሄሪ። ያ ደግሞ ቀን አይደለም። ምዜ አምስት ክንዱን ለክተው ቆረጡላቸው፤ ጫፉ እንዳይፈታ ቋጠሩት። ቧናሄሪ ገመዱን ትከሻቸው ላይ ጣል አድርገው ሄዱ። በመስጊዱ ኋላ አልዞሩም፣ በፊት ለፊት ነው የሄዱት። ምዜ ይሄን አይተዋል።

ናስራ ደወለች።

"እ፣ ባባ? ከማን ጋር በላህ?"

"ከቧናሄሪ ጋር።"

"እውነት? ምን?"

"ካምባ።"

"ኧረ ባባ! ገመድ መብላት ጀመራችሁ እንዴ?" ብላ ሳቀች። ኋላዋ ልጆች ይጮኻሉ፣ ቴሌቪዥን ይጮኻል። "በቃ፣ ደስ አለኝ። እኔ እኮ የፈራሁት ሰው የለህም ብዬ ነው። ሰው ካለህማ እዚያው ሁን፣ ከእንግዲህ አልጨቀጭቅህም። እሺ ባባ? ደህና እደር።"

"ደህና እደሪ።"

ያሰቡት ሆነ፣ አይደል? ውሸታቸው እውነት ሆኗል፤ በአንድ ፍሬ ሽሪምፕ ቢሆንም ሆኗል። ሞምባሳም ቀረ። ስልኩን አስቀመጡትና ቤቱን አዩት። ሁለቱ ብርጭቆ እንደተቀዳ ነው፣ አንዱም አልተነካ።

ከሰሉ አልጠፋም ነበር። ዘይቱን መለሱበት። የቀረችውን እፍኝ በሽርጡ አደረቁ፣ ስንዴ፣ እንቁላል፣ ሩዝ፣ ሳህን ላይ ደረደሯት። የማንኪያውን እጀታ ነከሩ፤ አረፋ ሠራ። ከዚያ ጫማቸውን አድርገው ወደ ደጅ ወጡ፣ በሩን ከኋላቸው ገጠም አደረጉት። መደቡ ጋ ቆሙ። መንገዱ ላይ ማንም የለም።

"ሆዲ" አሉ።

ትንሽ ጠበቁ። በሩ ኋላ ካንጋዋ ምስማሯ ላይ እንዳለች ያውቃሉ።

"ሆዲ" አሉ ደግመው፣ አሁን ጮክ ብለው፣ ያኔ ሲነጫነጩ እንደሚሉት።

ገብተው ጣሉት። ዘይቱ ተንጫጫ። እግራቸውን ታጥበው እስኪቀመጡ ደረሰ፣ ልክ ቢ ሸምሳ ያደርጉት እንደነበረው። ሳይከድኑት ፊታቸው አስቀመጡት። አንዱን ሁመሩ ውስጥ ነክረው ነከሱት።

ቀጭ አለ። ባዶ ቤት ውስጥ ድምፁ እንዲህ እንደሚጮህ አላወቁም ነበር፤ ማኘካቸውን አቁመው አዳመጡ። ከዚያ ሁለተኛውን አነሱ።